ከ13,913 ብር ውስጥ ቤቱን የሚገዛው 579ኙ ነው

የደረሰን ደብዳቤ፦

«የአንደኛ ደረጃ መምህርት ነኝ፤ ባለቤቴ ደብረ ብርሃን ኢንዱስትሪ ፓርክ ውስጥ ይሠራል። የሁለታችን የተጣራ ደመወዝ ሲደመር 34,000 ብር ነው። ከሁለት ልጆቻችን ጋር ጠባሴ ሁለት ክፍል ተከራይተን በወር 6,000 ብር እንከፍላለን። አሁን 1,500,000 ብር የተባለ ቤት አግኝተናል፤ ከኋላው ሁለት ሰርቪስ ክፍል አለው። እቁብ ጥለን፣ መንዝ ያሉ ቤተሰቦቻችንም አግዘውን 500,000 ብር ይዘናል። ባንኩ የቀረውን 1,000,000 ብር በ16 በመቶ ወለድ ለ20 ዓመት እንደሚያበድረንና በወር 13,913 ብር እንደምንከፍል ነግሮናል። ባለቤቴ ‹ኪራይ ገንዘብ ማቃጠል ነው፤ ወርሃዊውን ከቻልነው ቤቱ የኛ ነው› ይላል። እኔ ግን ልቤ አልረጋም። ቤቱ በመጨረሻ ስንት ይወጣብናል? ዓመቱን ብናሳጥረውስ ይከብደናል? ሻጩ ደግሞ እስከ ዓርብ 100,000 ብር ቀብድ ይፈልጋል፤ እንስጠው?» — የሁለት ልጆች እናት፣ ከጠባሴ

እህታችን፣ መጀመሪያ ስንት እንደሚወጣባችሁ እንንገርዎ። 13,913 ብር በ240 ወር ሲባዛ 3,339,000 ብር ገደማ ይሆናል። ከዚህ ውስጥ 2,339,000ው ወለድ ነው። ከኪሳችሁ የምታወጡት 500,000 ሲጨመርበት የ1,500,000 ብሩ ቤት 3,839,000 ብር ገባ ማለት ነው። ይህን ድምር አይተው ብቻ አይደንግጡ፤ ከ20 ዓመት በኋላ ያለ ብር የዛሬ ብር አይደለም፣ ወደኋላ እንመለስበታለን። እኛ እንዲያዩት የምንፈልገው ቁጥር ከዚህ በጣም ያነሰ ነው፤ 579 ብር።

የስልክዎን ካልኩሌተር ይዘው ይከተሉን። የመጀመሪያው ወር ዕዳ 1,000,000 ነው። በ0.16 ያባዙት፣ ለ12 ያካፍሉት፤ የወሩ ወለድ 13,333 ብር ከ33 ሳንቲም ይመጣል። ከምትከፍሉት 13,912 ብር ከ56 ሳንቲም ላይ ይህ ሲነሳ የሚተርፈው 579 ብር ከ23 ሳንቲም ነው። ዕዳውን የሚቀንሰው እሱ ብቻ ነው፤ ቀሪው ዕዳ 999,420 ብር ከ77 ሳንቲም። በሁለተኛው ወር ወለዱ የሚሰላው በዚህ ቀሪ ላይ ስለሆነ 13,325 ብር ከ61 ሳንቲም ይሆንና 586 ብር ከ95 ሳንቲም ወደ ዋናው ዕዳ ይገባል። በሦስተኛው 594 ብር ከ78። እንዲህ እያለ በየወሩ በጥቂት ብር ያድጋል። ወለዱ ቀድሞ ድርሻውን ይወስዳል፣ ዋናው ዕዳ ከትራፊው ይለቅማል።

በመጀመሪያው ዓመት 166,951 ብር ከፍላችሁ ዕዳው የሚቀንሰው 7,484 ብር ነው። በ5ኛው ዓመት መጨረሻ 834,750 ብር ገደማ ከፍላችሁ ገና 947,270 ብር ይቀርባችኋል። በ10ኛው ዓመት፣ ማለትም ግማሹን ጊዜ ጨርሳችሁ፣ ቀሪው 830,535 ብር ነው። ዕዳው ግማሽ የሚሆነው በ16ኛው ዓመት ማብቂያ ላይ ነው። ሰዎች በ7ኛው ወይም በ8ኛው ዓመት ቤታቸውን ሸጠው ዕዳውን ሊዘጉ ባንክ ሄደው «ይህን ሁሉ ዓመት ከፍዬ እንዴት?» ብለው የሚጣሉት ለዚህ ነው። ባንኩ አላጭበረበራቸውም፤ ሰንጠረዡ ከመጀመሪያውም እንዲያ ነበር፣ ያየው ሰው ግን አልነበረም።

ስለዚህ ውል ከመፈረማችሁ በፊት የ240ውንም ወር የመክፈያ ሰንጠረዥ በወረቀት ጠይቁ። አራት ዓምድ ሊኖረው ይገባል፤ የወሩ ክፍያ፣ ወለድ፣ ዋናው ዕዳ፣ ቀሪ። «ወለዱ የሚሰላው በቀሪው ብድር ላይ ነው ወይስ በመጀመሪያው ብድር ላይ?» ብለው በግልጽ ይጠይቁ። ለእናንተ የተነገረው 13,913 ብር በቀሪው ላይ የተሰላ ነው። ሌላ አበዳሪ ያንኑ 16 በመቶ ጠርቶ በመጀመሪያው ብድር ላይ ቢያሰላው ወርሃዊው 17,500 ብር፣ ጠቅላላው 4,200,000 ብር ይሆናል። የፐርሰንቱ ስም አንድ ነው፣ ዕዳው ሌላ ነው።

አሁን ዓመት ማሳጠሩ። «ይከብደናል?» ላሉት መልሱ ብዙ ሰው ከሚገምተው ሌላ ነው። ያንኑ 1,000,000 ብር በ16 በመቶ ለ15 ዓመት ብትወስዱት ወርሃዊው 14,687 ብር ይሆናል። ከ20 ዓመቱ የሚበልጠው በ774 ብር ብቻ ነው። ጠቅላላ ክፍያው ግን ከ3,339,000 ወደ 2,643,700 ይወርዳል፤ ወደ 695,000 ብር ገደማ ቀረላችሁ። ለ10 ዓመት ከሆነ 16,751 ብር በወር፣ በድምሩ 2,010,000 ብር። ወደ ሌላው አቅጣጫ ደግሞ 25 ዓመት ቢሰጧችሁ ወርሃዊው የሚቀንሰው በ324 ብር ነው፤ ጠቅላላው ግን 4,076,000 ብር ይደርሳል። ምክንያቱ ቀላል ነው። በ16 በመቶ ወለድ የ1,000,000 ብር የወር ወለድ ብቻውን 13,333 ስለሆነ፣ ዓመቱን የቱንም ያህል ብትጎትቱት ክፍያው ከዚያ በታች ሊወርድ አይችልም። የምታራዝሙት ያቺን ትንሽ ትራፊ ነው። ወለዱ ዝቅተኛ በሆነበት አገር ረጅም ዓመት ክፍያን በእጅጉ ያቀላል፤ በእኛ ወለድ ግን ከ15 ዓመት በላይ መሄድ ለጥቂት መቶ ብር ብሎ መቶ ሺዎችን መክፈል ነው።

15 ዓመት መፈረም ካስፈራችሁ ሁለተኛ መንገድ አለ። 20 ዓመት ፈርማችሁ በአቅማችሁ ተጨማሪ መክፈል። በየወሩ 1,000 ብር ብትጨምሩ ብድሩ በ14 ዓመት ከ2 ወር ያልቃል፤ ጠቅላላው 2,528,000 ብር ገደማ ይሆናል። እቁብም አለ። በመጀመሪያው ዓመት መጨረሻ 50,000 ብር እቁብ ወጣላችሁ እንበል። ሙሉውን በዋናው ዕዳ ላይ ብትጥሉት 4 ዓመት ከ3 ወር ያህል ክፍያ ከጀርባው ይቆረጣል፤ 50,000ው 668,000 ብር ገደማ ወለድ አስቀረላችሁ ማለት ነው። ያንኑ 50,000 በ15ኛው ዓመት ብትጥሉት የሚቆረጠው 7 ወር ተኩል ነው። የእቁቡ ዕጣ ቀድሞ ቢደርሳችሁ «ለክፉ ቀን» ብላችሁ 7 በመቶ በሚያስገኝ ቁጠባ ላይ አታስቀምጡት፤ የክፉ ቀኑ መጠባበቂያ ቀድሞ ለብቻው ይኑር፣ ከዚያ የተረፈው ሁሉ 16 በመቶ የሚበላችሁን ዕዳ ይምታ።

ሰርቪሶቹ ለዚህ ይጠቅማሉ። ዩኒቨርሲቲውና ፋብሪካዎቹ ባሉበት ከተማ ንጹሕ ሰርቪስ ተከራይ አያጣም። ግብሩና እድሳቱ ተነስቶለት አንዱ ክፍል በወር 2,500 ብር ቢያተርፍና ሳትነኩት ወደ ዋናው ዕዳ ብታስገቡት፣ የ20 ዓመቱ ብድር በ10 ዓመት ከ7 ወር ይዘጋል። ድሮ አባቶቻችን ወለድ አግድ የሚሉት ውል ነበራቸው፤ ስሙ በፍትሐ ብሔር ሕጉም ውስጥ አለ። አበዳሪው ቤቱን ወይም መሬቱን ይዞ ይጠቀምበታል፣ ጥቅሙም ለወለድ ይታሰብለታል። እዚህ የተገለበጠ ወለድ አግድ አላችሁ፤ ተከራዩ ለእናንተ ወለዱን ያግድላችኋል። የኪራይ ብሩ ከአስቤዛው ጋር ከተቀላቀለ ግን ነገሩ ፈርሷል፤ የሰርቪሱ ኪራይ የሚገባበት የባንክ ደብተር ለብቻው ይሁን።

በተጨማሪ ክፍያ ላይ የሚበላሹ ሁለት ነገሮች አሉ። አንደኛው ውሉ ነው፤ ብድርን ከጊዜው በፊት መክፈል ቅጣት ካለው ስሌታችን ይለወጣልና አንቀጹን ፈልጋችሁ አንብቡ። ሁለተኛው የአመዘጋገብ ነገር ነው። ተጨማሪውን ብር ሒሳባችሁ ላይ አስገብታችሁ ዝም ካላችሁ፣ የሚቀጥለው ወር ክፍያ ሆኖ ሊቆረጥ ይችላል፤ ያኔ ከወለዱ የቀነሰ ነገር የለም። በእያንዳንዱ ጊዜ «ከዋናው ዕዳ ይቀነስልኝ፤ ወርሃዊ ክፍያዬ እንዳለ ሆኖ የመክፈያ ዘመኑ ይጠርልኝ» ብላችሁ በጽሑፍ አመልክቱ፣ ቅጂው ላይ የተቀባይ ማኅተም ይረፍበት፣ አዲሱን ሰንጠረዥም አስወጡ። «ወርሃዊው ይቀነስላችሁ?» ቢሏችሁ እምቢ በሉ፤ ደግ ሐሳብ ይመስላል፣ ዘመኑን ግን አያሳጥርም።

16 በመቶው ለ20 ዓመት ባለበት ይቆማል ብላችሁም አትቁጠሩ። አብዛኛው ውል ባንኩ ወለዱን እንደ ገበያው ሁኔታ ሊያሻሽል እንደሚችል የሚል መስመር አለው። ከ2 ዓመት በኋላ 18 በመቶ ቢገባ፣ በዚያን ጊዜ ያለው ዕዳ 983,743 ብር ነውና የወሩ ወለድ ብቻ 14,756 ብር ይሆናል። የድሮው 13,913 ወለዱን እንኳ አይሸፍንም፤ ዕዳው መቀነስ ቀርቶ ያድጋል። በቀሪው 18 ዓመት ለመጨረስ 15,373 ብር መክፈል ይኖርባችኋል። «ወለዱ ሲለወጥ ስንት ቀን ቀድማችሁ ታሳውቁናላችሁ? ዘመኑ ይራዘማል ወይስ ክፍያው ይጨምራል?» ብለው ይጠይቁና መልሱ ውሉ ላይ ይስፈር።

ባለቤትዎ «ኪራይ ገንዘብ ማቃጠል ነው» ያሉት ግማሽ እውነት አለው። ወለድም የገንዘብ ኪራይ ነው። በመጀመሪያው ዓመት ለባንኩ የምትከፍሉት ወለድ 159,467 ብር፣ ለአከራያችሁ የምትከፍሉት 72,000 ብር ነው። ከተቃጠለ የትኛው ይበልጥ እንደተቃጠለ ማየት ነው። በእሳቸው በኩል የሚመዝነው ሌላው ነገር ኪራይ በየጊዜው ሲጨምር የብድር ክፍያ፣ ባንኩ ወለዱን እስካልለወጠ ድረስ፣ ባለበት መቆየቱ ነው። የዋጋ ንረቱም አለ። አገራችን በ2014 ከ30 በመቶ በላይ ንረት አይታለች፤ እንዲህ ባለ ጊዜ የድሮ ዕዳ በራሱ ይቀልላል። ይህ የሚሠራው ግን ደመወዙ ከንረቱ ጋር አብሮ ሲሄድ ነው። ነጋዴ የሸቀጡን ዋጋ ነገ ጠዋት ያስተካክላል፤ መምህርና የፋብሪካ ሠራተኛ ዓመታት ይጠብቃሉ፣ በመካከሉ ጤፉና ዘይቱ ቀድመው ደሞዙን ይሻሙታል። ንረቱ ዕዳችንን ይበላልናል ብሎ ብዙ መበደር ለደመወዝተኛ አይመከርም።

500,000ውን ሙሉ በሙሉ ለሻጩ ለመስጠት አስባችሁ ከሆነ እዚህ ላይ ተሳስታችኋል። የስም ዝውውር የቴምብር ቀረጥ የዋጋው 2 በመቶ ነው፤ በ1,500,000 ላይ 30,000 ብር። ማዘጋጃ ቤቱ ቤቱን በራሱ ግምት ከፍ አድርጎ ካየው ቀረጡም ከፍ ይላል። ደላላው 2 በመቶ ከጠየቀ ሌላ 30,000። የውልና ማስረጃ፣ የባንኩ የንብረት ግምትና የመያዣ ምዝገባ ክፍያዎች፣ ባንኩ ተጠቃሚ የሚሆንበት የእሳት መድን (እሱ በየዓመቱ ይታደሳል)፣ አንዳንዴም የሕይወት መድን ይከተላሉ። የሽያጩን ግብር ማን እንደሚከፍል ውሉ ካልተናገረ ሻጩ በመጨረሻው ቀን ወደ እናንተ ይገፋዋል። ቦታው በሊዝ የተያዘ ከሆነ ያልተከፈለው የሊዝ ቀሪ ከካርታው ጋር ወደ እናንተ ይዞራል፤ ማዘጋጃ ቤት ሄዳችሁ ቀሪው ስንት እንደሆነ፣ ካርታውም ከዕዳና እገዳ ነፃ መሆኑን አጣሩ። በ2017 የጸደቀው የንብረት ታክስ አዋጅም ከተማው ሲተገብረው የየዓመቱ ወጪ ነው።

ቤቱን ራሱን ደግሞ በዝናብ ማግስት እዩት። ደብረ ብርሃን ከባሕር ወለል በላይ ከ2,800 ሜትር ከፍ ያለ፣ ውርጩ የታወቀ ከተማ ነው፤ እርጥበት የያዘ ግድግዳ እዚህ ቶሎ አይደርቅም። ከወለሉ እስከ አንድ ክንድ ከፍታ ያለውን ልስን በጥፍርዎ ጫር ጫር ያድርጉት። እንደ ዱቄት ከረገፈ ወይም ነጭ ጨው መሰል ነገር ከተፋ ውኃ ከመሠረቱ እየሳበ ነው፤ ቀለም ቀብተው ቢያሳዩዎትም ከሐምሌና ነሐሴ በኋላ ይመለሳል። ቀን ላይ በር ዘግተው ከውስጥ ወደ ቆርቆሮው ይመልከቱ፤ በምስማር ቀዳዳ ብርሃን ከገባ ዝናብም ይገባል። ለእድሳት በየዓመቱ የቤቱን ዋጋ 1 በመቶ፣ 15,000 ብር፣ ብታስቡ አላበዛችሁም።

በዚህ ሁሉ ላይ የሦስት ወር የብድር ክፍያ፣ 42,000 ብር ያህል፣ የማይነካ መጠባበቂያ ያስፈልጋችኋል። መስከረም የልጆች ደብተርና ዩኒፎርም ይዞ ይመጣል፣ ሰው ይታመማል፣ ፋብሪካ ፈረቃ ይቀንሳል። የባንክ ብድር ደግሞ እንደ ዘመድ ብድር አይታገስም። በአዋጅ ቁጥር 97/1990 መሠረት ባንክ ክፍያ ሲቋረጥ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ፣ ፍርድ ቤት መሄድ ሳያስፈልገው፣ በመያዣ የያዘውን ቤት በሐራጅ ሊሸጥ ይችላል። ችግር ከመጣ ክፍያው ከመቋረጡ በፊት ሄዶ ማናገር ይሻላል፤ ያኔ የመክፈያ ጊዜ ማስተካከል የመቻላችሁ ዕድል ሰፊ ነው።

እንግዲህ ፍርዳችን። ከ500,000ው ላይ 100,000ውን ለወጪዎቹና ለመጠባበቂያው ያስቀምጡ፤ ለሻጩ የሚቀረው 400,000 ነው። ቤቱ 1,500,000 ከሆነ ብድሩ 1,100,000 ይሆንና ወርሃዊው በ20 ዓመት 15,304 ብር ይደርሳል፤ ከደመወዛችሁ 45 በመቶ። ይህን አንመክርም። ብድራችሁ ከ900,000 እንዳያልፍ አድርጉ፣ ማለትም ቤቱን በ1,300,000 ተደራደሩበት፣ ካልሆነ ሌላ ፈልጉ። 900,000 ብር ለ15 ዓመት ሲወሰድ ወርሃዊው 13,218 ብር ነው። ባንኩ መጀመሪያ ከነገራችሁ 13,913 ያነሰ ሆኖ በ5 ዓመት ቀድሞ ያልቃል፤ ጠቅላላ ክፍያውም 2,379,000 ብር ገደማ ሲሆን ከመጀመሪያው ሐሳብ በ960,000 ብር ያንሳል። ሻጩ ላይ የምታስቀንሱት 200,000 ብር በዋጋው ላይ 200,000 ብቻ አይደለም። ይህን ለባለቤትዎ በወረቀት አስልተው ያሳዩአቸው፤ ሲደራደሩ ጉልበት ይሰጣቸዋል።

ቀብዱን በተመለከተ እስከ ዓርብ አትስጡ። ባንኩ በአፍ ነገራችሁ እንጂ ቤቱን ገና አልገመተም። ኢንጂነሩ 1,200,000 ቢገምተውና ባንኩ የግምቱን 70 በመቶ የሚያበድር ቢሆን የምታገኙት 840,000 ብር ነው፤ ቀሪውን ከየት ታመጣላችሁ? በፍትሐ ብሔር ሕጉ ቀብድ የሰጠ ወገን ውሉን ካልፈጸመ ቀብዱን ያጣል፣ የተቀበለው ካፈረሰ እጥፍ ይመልሳል። ብድሩ በመቅረቱ ገንዘብ ብታጡ ከሕጉ ፊት ያፈረሳችሁት እናንተ ናችሁ፤ 100,000ውም ቀረ። ሻጩ ሌላ ገዢ መጥቷል ብሎ ካስቸኮላችሁ 20,000 ብር ይዛችሁ ሂዱ፤ ውሉም ላይ ይህ ቃል ይግባ፦ «ገዢዎች ከባንክ ቢያንስ 900,000 ብር የቤት ብድር በ60 ቀን ውስጥ ካልተፈቀደላቸው ሻጭ የተቀበለውን ቀብድ ሳይቀንስ ይመልሳል።» ሻጩ ባለትዳር ከሆነ የትዳር ጓደኛውም አብሮ ይፈርም፤ የጋራ ቤት ያለ ሁለቱም ስምምነት አይሸጥም። በዚህ ቃል አልፈርምም ካለ ሌላው ገዢ ይግዛው።